ወንድማችንን መክሰስ ይገባናል ወይ?

በአላህ ስም እጅግ በጣም ርኅሩኅ በጣም አዛኝ በሆነው። ምስጋና ለዓለማት ጌታ ለአላህ ይገባው። ሶላትና ሰላም በመልእክተኛው በሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.)፣ በቤተሰቦቻቸውና በሶሐቦቻቸው ላይ ይሁን።

በአንድ የአዲስ አበባ ሰፈር ከዐስር ሶላት በኋላ አምስት ሰዎች ሊያነጋግሩኝ ፈልገው መስጊድ በር ላይ ጠበቁኝ። ሦስቱ በዕድሜ የገፉ አባቶች ናቸው። አንዱ የሰፈሩ እድር ጸሐፊ የሆነ ክርስቲያን ጎረቤት ነው። አምስተኛው ወጣት ሲሆን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንድ ቃል አልተናገረም። የሰፈሩን ስም አልጠቅስም፤ ይህን የሚያነብ ሰው ሁሉ የራሱን ሰፈር ቢያስብ አይሳሳትም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከመስጊዱ ጀርባ አንድ ክፍት ቦታ ነበር። ልጆች ኳስ ይጫወቱበታል፤ ሙስሊሙ ለኒካሕ፣ ክርስቲያኑ ለሠርግና ለለቅሶ ድንኳን ይተክልበታል፤ በዒደል አድሓ ኡዱሕያ ይታረድበታል። አንድ ሌሊት ዙሪያው በቆርቆሮ ታጥሮ አደረ። ጠዋት ለጠየቀ ሰው «የዕቃ ማስቀመጫ ነው» ተባለ። ጥቂት ቆይቶ ፌሮ ታሰረ፤ ኮንክሪት ተሞላ፤ አሁን አራት ሱቆች ቆመውበታል። የመጨረሻው ሱቅ ማዕዘን ወደ ዋናው መንገድ በሚያወጣው መተላለፊያ ላይ ገብቷል። አንዲት የሰፈሩ እናት ወደ አኺራ በሄዱ ዕለት ጀናዛቸውን የተሸከሙት ሰዎች ማዕዘኑ ላይ መታጠፍ አቃታቸው። ቃሬዛውን ከትከሻቸው አውርደው በጎኑ አዘንብለው አሳለፉት። ያ ቃል ያልተናገረው ወጣት የእኚህ እናት ልጅ ነው።

ሱቆቹን የሠራው ሰው ሙስሊም ነው። ሶላት አያልፈውም። የመስጊዱን ምንጣፍ የገዛው እርሱ ነው፤ በረመዳን ለጾመኛው ተምርና ሾርባ የሚያቀርበውም እርሱ ነው። በእጁ ደግሞ ማኅተም ያረፈበት ወረቀት አለ። ከአባቶቹ አንዱ እንዲህ ሲሉ ጠየቁኝ፦ «ኡስታዝ፣ ወንድማችንን በመንግሥት ፍርድ ቤት ብንከሰው አላህ ዘንድ ግፍ አይሆንብንም ወይ? ዝም ብንልስ?»

እንግዲህ ለእኚህ አባት በዚያች ሰዓት በአጭሩ የመለስኩላቸውን ዛሬ ዘርዘር አድርጌ ማቅረብ ፈልጌአለሁ።

ከሁሉ በፊት ሊታወቅ የሚገባው፣ መከሰስ ነውር አለመሆኑ ነው። ይህን የምለው ከራሴ አይደለም። ሰዒድ ኢብኑ ዘይድ (ረ.ዐ.) በጀነት ከተበሰሩት ዐሥሩ ሶሐቦች አንዱ ናቸው። አርዋ ቢንት ኡወይስ የምትባል ሴት «መሬቴን ወስዶብኛል» ስትል በመዲና አስተዳዳሪ በመርዋን ኢብኑል ሐከም ዘንድ ከሰሰቻቸው። ሰዒድ «እኔን የመሰለ ሰው እንዴት ይከሰሳል?» አላሉም። ቀርበው መልስ ሰጡ። መልሳቸውም ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) የሰሙትን ማስታወስ ነበር፤ ስንዝር መሬት በግፍ የወሰደ ሰው በቂያማ ቀን እስከ ሰባት ምድር ድረስ በአንገቱ ላይ እንደሚጠለቅበት። ይህን ከሰማሁ በኋላ እንዴት ከእርሷ መሬት እወስዳለሁ ነበር ያሉት። መርዋንም ከዚህ ወዲያ ማስረጃ አልጠየቃቸውም። ሰዒድ ግን ነገሩን ለአላህ ሰጡ፤ ሴትየዋ ዋሽታ ከሆነ ዓይኗን እንዲያሳውራት፣ በዚያው በመሬቷ ላይ እንዲገድላት ዱዓ አደረጉ። ሙስሊም በሶሒሓቸው እንደዘገቡት ዓይኗ ጠፋ፤ በመሬቷ ላይ ስትሄድም ጉድጓድ ውስጥ ወድቃ ሞተች።

ይህ ታሪክ ሁለት በኩል የተሳለ ነው። መሬት የሚነጥቀውን ያስፈራል፤ በሐሰት የሚከሰውንም እንደዚያው ያስፈራል። ስለዚህ ወደ ፍርድ ቤት የሚሄድ ሰው በእጁ ያለውን ማስረጃ ሁለት ጊዜ ይመልከት። በሰፈሩ ሰዎች ዘንድ «ያ ሰውዬ ሌላም ቦታ ወስዷል» የሚል ወሬ ሰምቼ ነበር። አባቶችን «ይህን በዓይናችሁ አይታችኋል?» ብዬ ስጠይቃቸው አላዩም። እንግዲያው በክሱ ውስጥ አይገባም፤ የታየው ይበቃል።

አሁን ወደ ራሱ ወደ ነጥቡ እንምጣ። በሐዲሱ ላይ የተነገረው ባለቤት ስላለው መሬት ነው፤ ክፍት ቦታው ግን የማንም አይደለም የሚል ሰው አለ። «የመንግሥት ነው፤ መንግሥት ካልተቆጣ አንተ ምን አገባህ?» ይላል። ይህ አባባል በከተማችን እጅግ ተስፋፍቷል። ነገር ግን ትንሽ ቆም ብለን እናስብ። የጎረቤቴን ግቢ ስንዝር ገፍቼ ብወስድ የበደልኩት አንድ ሰው ነው። ተውበት ማድረግ ብፈልግ መሬቱን እመልሳለሁ፤ በሩን አንኳኩቼ ዐፉ እንዲለኝ እጠይቀዋለሁ። የሁሉ የሆነውን መንገድ ብወስድ ግን የማንን በር አንኳኳለሁ? በዚያ መንገድ የሚያልፈው ሽማግሌ፣ ውሃ የምታመላልሰው ልጅ፣ ነፍሰ ጡር ሆና አምቡላንስ የደረሰላትና መግባት ያልቻለላት እናት፣ ገና ያልተወለደው ሕፃን ሁሉ ባለሐቅ ናቸው። ቁጥራቸው አይታወቅም። ሁሉንም ፈልጎ ዐፉ የሚያስብል ማነው? ስለዚህ የሕዝብ መሬት መውሰድ ቀላል ነው የሚባለው ስህተት ነው፤ ከግለሰብ መሬት ይልቅ መውጫው የጠበበ ነው። መውጫው አንድ ብቻ ነው፤ አፍርሶ መመለስ።

ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ሙስሊሞች በሦስት ነገሮች፣ በውሃ፣ በግጦሽና በእሳት ተጋሪዎች መሆናቸውን ያስተማሩት አቡ ዳውድ በዘገቡት ሐዲስ ነው። ስለ መንገድም ቢሆን ዝም አላሉም። ሰዎች በመንገድ ስፋት ሲከራከሩ ሰባት ክንድ እንዲሆን ፈርደዋል። ይህ ከሦስት ሜትር የሚበልጥ ነው። በዚያ በመኪና ዘመን ባልነበረች መዲና ሁለት የተጫኑ ግመሎች ሳይጋፉ የሚተላለፉበት ስፋት ነው እንበል። ዛሬ ስንት መተላለፊያችን ሰባት ክንድ አለው? እኔ በክንዴ ለክቼ የማላፍርበት መንገድ በሰፈሬ ጥቂት ነው።

ሌላም ማስረጃ የሚያቀርቡ አሉ። የሞተን መሬት ሕያው ያደረገ ሰው መሬቱ የእርሱ ይሆናል የሚለውን ሐዲስ ይጠቅሳሉ። ሐዲሱ ትክክል ነው፤ አጠቃቀሙ ግን ትክክል አይደለም። ኢማሙ አቡ ሐኒፋ የመሪን ፈቃድ ቅድመ ሁኔታ አድርገዋል። ኢማሙ ማሊክ ለመኖሪያ ቅርብ በሆነው መሬት ላይ ፈቃድ ያስፈልጋል ብለዋል። ኢማሙ ሻፊዒይ ፈቃድ ባይጠይቁም፣ ሰዎች የሚገለገሉበትን መንገድ፣ የመንደር ሜዳና የመሳሰለውን የሞተ መሬት ብለው አልቆጠሩትም። ልጆች በየቀኑ የሚሯሯጡበት፣ ድንኳን የሚተከልበት ቦታ ሞተ የሚባለው በየትኛው መዝሀብ ነው? ያ ቦታ የሞተው ቆርቆሮው የታጠረበት ሌሊት ነው።

ወረቀቱስ? ወንድማችን ማኅተም ያለበት ወረቀት አለኝ ብሏል። በዚህ ላይ ረዘም አድርጌ መናገር እፈልጋለሁ፤ ምክንያቱም በዚህ ዘመን ብዙ ሰው የሚታለልበት እዚህ ላይ ነው። አብየድ ኢብኑ ሐማል የተባሉ ሶሐባ ወደ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) መጥተው በመእሪብ ያለውን የጨው ቦታ እንዲሰጧቸው ጠየቁ፤ ሰጧቸውም። ሰውየው ሲሄዱ ከተቀመጡት አንዱ፣ የሰጡት ነገር እንደማያልቅ ምንጭ ውሃ ሁሉም የሚቀዳው መሆኑን አስታወሳቸው። ነቢዩም (ሰ.ዐ.ወ.) ሰጥተውት የነበረውን መልሰው ወሰዱ። ይህን አቡ ዳውድና ቲርሚዚይ ዘግበውታል። ልብ በሉ፤ ከሰው ልጅ ሁሉ የበለጡት መሪ የሰጡት ስጦታ እንኳ፣ የሕዝብ ጥቅም መሆኑ ሲታወቅ ተነሥቷል። ሰጪውም አላፈሩም፤ ተቀባዩም አላመፁም። በአንድ ጽሕፈት ቤት ጠረጴዛ ላይ የተመታ ማኅተም ከዚያ ይበልጣል የሚል ማነው?

ኡሙ ሰለማ (ረ.ዐ.) ያስተላለፉትን ሐዲስም ቡኻሪና ሙስሊም ዘግበውታል። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) እርሳቸው ሰው መሆናቸውን፣ ተከራካሪዎች ወደ እርሳቸው ሲመጡ አንዱ ከሌላው ይልቅ አንደበተ ርቱዕ ሊሆን እንደሚችል፣ እርሳቸውም በሰሙት መሠረት እንደሚፈርዱ ገልጸው፣ የወንድሙ ሐቅ የተፈረደለት ሰው የተቆረጠለት የእሳት ቁራጭ መሆኑን አስጠንቅቀዋል። በእርሳቸው ችሎት የተገኘ ፍርድ ሐራሙን ሐላል ካላደረገ፣ በጉቦ የተገኘ ካርታ እንዴት ያደርጋል? አላህም (ሱ.ወ.) በሱረቱል በቀራህ 188ኛው አንቀጽ የሰዎችን ገንዘብ ከፊል በኃጢአት ለመብላት ስንል ወደ ዳኞች እንዳናቀርብ በግልጽ ከልክሎናል። ከሕግ ሰዎች ጋር ስነጋገር «ሰነድ አለው» ሲሉ እሰማለሁ። ሰነድ ለዱንያ ክርክር ይጠቅማል። አላህ ፊት የሚጠየቀው ሰነዱ እንዴት እንደተገኘ ነው።

ማኅተሙን የመታው ወንድማችንም (ሙስሊምም ይሁን ክርስቲያን) ከዚህ አያመልጥም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ዘካ ሊሰበስብ የላኩት ሰው ተመልሶ «ይህ የእናንተ ነው፤ ይህ ደግሞ ለእኔ በስጦታ የተሰጠኝ ነው» ባለ ጊዜ ሚንበር ላይ ወጥተው፣ በአባቱ ወይም በእናቱ ቤት ቢቀመጥ ኖሮ ስጦታው ይመጣለት እንደነበረ ጠይቀዋል። የመሬት ሠራተኛ ሆኖ «ሻይ መጠጫ» የሚቀበል ሁሉ ይህን ጥያቄ ለራሱ ያቅርብ።

«ተሠርቶ ያለቀ ነገር ይፈርሳል ወይ? ንብረት ማውደም አይሆንም?» የሚል ጥያቄም አለ። ጥያቄው ከባድ ነው፤ የአገር ሀብት በዶዘር ሲደረመስ ማየት ለማንም ደስ አይልም። ይሁንና በአቡ ዳውድ ዘንድ የተዘገበ አንድ ጉዳይ አለ። አንድ ሰው በሌላው ሰው መሬት ላይ የተምር ዛፍ ተከለ። ሁለቱ ወደ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ቀረቡ። መሬቱን ለባለመሬቱ ፈረዱ፤ ዛፍ ተካዩም ዛፎቹን እንዲነቅል አዘዙ። የዘገበው ሰው ሥሮቻቸው በመጥረቢያ ሲመቱ እንደተመለከተና ዛፎቹም ያደጉ ረጃጅሞች እንደነበሩ ተናግሯል። ተምር ለዐረብ ምን እንደሆነ የሚያውቅ ሰው የዚህን ፍርድ ክብደት ይረዳዋል። ምግብ ነው፤ ጥላ ነው፤ ዓመታት የፈጀ ልፋት ነው። ሆኖም በግፍ የተተከለ ሥር መብት አልተሰጠውም።

ጊዜ ማለፉም አያድነውም። በ19ኛው ምዕተ ዓመት በዑስማንያ መንግሥት የተዘጋጀው መጀለህ የተባለው የፍትሐ ብሔር ሕግ በ1675ኛው አንቀጹ እንደ መንገድ፣ ወንዝና ግጦሽ ባሉ የሕዝብ ነገሮች ላይ ይርጋ እንደማይቆጠር ደንግጓል። የሚገርመው የአገራችን የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግም በ1455ኛው ቁጥር፣ ለሕዝብ አገልግሎት የተመደበ ንብረትን ብዙ ዘመን በመያዝ ብቻ የግል ማድረግ እንደማይቻል ይናገራል። ሁለቱ ሕጎች ከተለያየ ምንጭ ወጥተው አንድ ቦታ ተገናኝተዋል።

እዚህ ላይ ወንድሞቼ ቅር እንዳይላቸው እየለመንኩ ወደ ራሳችን ቤት እመለሳለሁ። ኢማሙ ማወርዲይ በ450 ዓመተ ሂጅራ ያረፉ ታላቅ የሻፊዒይ ሊቅ ናቸው። ስለ መንግሥት አስተዳደር በጻፉት በታወቀው መጽሐፋቸው የሙሕተሲብን፣ ማለትም የገበያና የመንገድ ሥርዓት ተቆጣጣሪውን ሥራ ሲዘረዝሩ፣ ሰዎች በሚተላለፉበት መንገድ ላይ ቢገነቡ፣ መንገዱ ሰፊ ቢሆንም እንኳ እንደሚከለክላቸውና የሠሩትን እንደሚያስፈርሳቸው፣ የተሠራው መስጊድ ቢሆንም ፍርዱ ይኸው መሆኑን ጽፈዋል። ምክንያቱንም ሰጥተዋል፤ መንገድ የተዘጋጀው ለመሄጃ እንጂ ለሕንፃ አይደለም።

መስጊድ ቢሆንም! ይህን ያሉት የመስጊድ ጠላቶች አይደሉም። በግፍ በተያዘ መሬት ላይ መስገድ ሐራም መሆኑን ዑለማዎች ተስማምተውበታል። ብዙዎቹ ሶላቱ ከነወንጀሉ ይበቃል ሲሉ፣ በሐንበሊዮች ዘንድ በታወቀው አቋም ሶላቱ ራሱ አይበቃም። መዲና የደረሱት ነቢይ (ሰ.ዐ.ወ.) ለመስጊዳቸው የመረጡት ቦታ ሰህልና ሱሀይል የሚባሉ የሁለት የቲሞች መሬት ነበር። ልጆቹ «እንዲያው እንስጥዎ» አሉ። እርሳቸው ግን በነፃ መቀበልን እምቢ ብለው በዋጋ ገዙት። የዓለማት እዝነት ሆነው የተላኩት መልእክተኛ፣ ለአላህ ቤት፣ ከፈቃደኛ ባለቤቶች! እንዲህ ከሆነ የእኛ መስጊድ ያ የውዱእ ቤት ሁለት ሜትር ወደ መተላለፊያው የወጣው በምን መረጃ ነው? አባቶችን ይህን ስጠይቃቸው አንዳቸው የሌላቸውን ፊት አዩ። የእድሩ ጸሐፊ አንገቱን ደፋ፤ ጨዋ ሰው ስለሆነ እንጂ እርሱማ ከእኛ ቀድሞ አይቶታል።

መቼም ይህን ስጽፍ «ኡስታዝ የሙስሊሙን ታሪክ ረሳ» የሚለኝ እንዳለ አውቃለሁ። አልረሳሁም። በንጉሡ ዘመን በብዙው የደጋ አገር ሙስሊሙ ርስት አልባ ሆኖ በሽመናና በንግድ ነበር የሚኖረው። ሚያዝያ 12 ቀን 1966 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የወጣው ያ ታላቅ ሰልፍ ካነሳቸው ጥያቄዎች አንዱ የመሬት ባለቤትነት ጉዳይ ነበር። ከዚያ ወዲህም የመስጊድና የመቃብር ቦታ ጠይቆ ዓመታት ያለ መልስ የቆየ ጀመዓ አለ። በ2015 ዓ.ም. በሸገር ከተማ «ሕገወጥ ግንባታ» ተብለው መስጊዶች ሲፈርሱ፣ በዚያው ዓመት በግንቦት በታላቁ አንዋር መስጊድ ከጁሙዓ ሶላት በኋላ በተነሳው ተቃውሞ የሰው ሕይወት ጠፍቷል። አላህ ይማራቸው። ይህ ቁስል ያልተነካው ሙስሊም የለም።

ፈቃድ ለሚጠይቀው ሁሉ ፈቃድ የማይሰጥ አስተዳደር ሕገወጥነትን በራሱ እጅ ይዘራል። የከሳሽነትንም ሆነ የፈራጅነትን ሥልጣን ይዞ፣ ሳይሰማ፣ ሳያስጠነቅቅ፣ ሌላ ቦታ ሳያሳይ የሚያፈርስ ባለሥልጣን «ሕግ አስከበርኩ» ሊል አይችልም። የታሪክ ጸሐፊዎች እንደዘገቡት ኸሊፋው ዑመር (ረ.ዐ.) የነቢዩን መስጊድ ለማስፋት በፈለጉ ጊዜ የአባስ (ረ.ዐ.) ቤት መንገድ ላይ ገባ። አባስ አልሸጥም አሉ። ዑመር ኸሊፋ ናቸው፤ ጉዳዩም የመስጊድ ጉዳይ ነው፤ ነገር ግን አላፈረሱም። ሁለቱ ኡበይ ኢብኑ ከዕብን (ረ.ዐ.) ዳኛ አድርገው ቀረቡ፤ ኡበይም በኸሊፋው ላይ ፈረዱ። ከተፈረደላቸው በኋላ ነው አባስ ቤታቸውን ለሙስሊሞች በነፃ የሰጡት። ባለሥልጣኖቻችን ይህን ታሪክ ቢያነቡት ብዙ ዶዘር ይቆም ነበር።

ጨረቃ ቤት ሠርቶ ልጆቹን ያስጠለለው ድሃና አራት ሱቅ ሠርቶ ኪራይ የሚሰበስበው ሰው አንድ ሚዛን ላይ አይቀመጡም። ሁለቱም ያለ ፈቃድ ገንብተዋል፤ እውነት ነው። የመጀመሪያው ግን ማደሪያ አጥቶ ነው። የእርሱ ጉዳይ መጠለያ የማግኘት ጉዳይ ነው፤ ከመነሣቱ በፊት የት ይደር የሚለው መመለስ አለበት። የአገሩ መንግሥትም ይህን በከፊል ተቀብሎ፣ በአዲስ አበባ በ1988 ዓ.ም. እና በ1997 ዓ.ም. የተነሡትን የአየር ካርታዎች መለያ አድርጎ ሰነድ አልባ ይዞታዎችን ሕጋዊ ሲያደርግ ቆይቷል። ሁለተኛው ሰው ግን ቤት አለው። የወሰደው የሌላውን ማለፊያ ነው።

ግፍ ደረሰብን ማለት ግፍ እንድንሠራ ፈቃድ አይሰጠንም። አላህ (ሱ.ወ.) በሱረቱ ኒሳእ 135ኛው አንቀጽ በራሳችን፣ በወላጆቻችንና በቅርብ ዘመዶቻችን ላይ ቢሆንም እንኳ በፍትሕ ላይ ጸንተን የአላህ መስካሪዎች እንድንሆን አዝዞናል። በሱረቱል ማኢዳህ 8ኛው አንቀጽ ደግሞ ሰዎችን መጥላታችን ፍትሕን እንዳያስተወን ከልክሏል። የመጀመሪያው አንቀጽ ለዚያ ለምንጣፍ ገዢው ወንድማችን ጉዳይ የወረደ ያህል ነው። ምንጣፉን አላህ ይቀበለው። መንገዱን ግን ይመልስ።

አሁን ወደ አባት ጥያቄ የመጨረሻ ክፍል እንሂድ። በመንግሥት ፍርድ ቤት መክሰስ ይቻላል ወይ? ከአባቶቹ አንዱ ጉዳዩ ወደ ሸሪዓ ፍርድ ቤት ቢሄድ መርጠው ነበር። ሐሳባቸው መልካም ነው፤ ነገር ግን በ1992 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 188 ለሸሪዓ ፍርድ ቤቶች የሰጠው ሥልጣን የጋብቻ፣ የውርስ፣ የወቅፍና የመሳሰሉት ጉዳዮች ላይ ነው፤ ያውም ተከራካሪዎች ሲስማሙ። የከተማ መሬት እዚያ አይታይም። በ1995 ዓ.ም. የወጣው የአዲስ አበባ ቻርተር፣ አዋጅ ቁጥር 361፣ ከከተማው ማስተር ፕላን ጋር የተያያዘ የይዞታ፣ የፈቃድና የመሬት አጠቃቀም ክርክርን ለከተማው ፍርድ ቤቶች ሰጥቷል። ሕገ መንግሥቱም በ37ኛው አንቀጽ ተመሳሳይ ጥቅም ያላቸውን ሰዎች ወክሎ ፍትሕ መጠየቅ እንደሚቻል ይናገራል። አራት ሱቅ የዘጋባቸው ሰዎች ተመሳሳይ ጥቅም ከሌላቸው ማን አለው?

ዳኛው ሙስሊም ባይሆንስ? ወገኖቼ፣ ይህን ጥያቄ የሐበሻ ሙስሊም ሊጠይቀው አይገባም ነበር። በመጀመሪያው ሂጅራ የመጡት ሶሐቦች ቁረይሾች መልእክተኞች ልከው እንዲመለሱላቸው በጠየቁ ጊዜ ክርክራቸው የተሰማው የት ነበር? በነጃሺ ችሎት ነው። ጃዕፈር ኢብኑ አቢ ጣሊብ (ረ.ዐ.) ቆመው ተከራከሩ፤ ንጉሡም ሁለቱን ወገን ሰምቶ ፈረደ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ቀድሞውኑ ወደዚህ አገር የላኳቸው ማንም የማይበደልበት ንጉሥ ስላለ ነበር። ከክርስቲያን ጎረቤቶች ጋር አብሮ መክሰስም እንግዳ ነገር አይደለም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ከነቢይነት በፊት በመካ የተበደለን ለመርዳት በተደረገው ሒልፉል ፉዱል በተባለው ቃል ኪዳን ላይ ተገኝተዋል፤ በእስልምናም ዘመን ወደ እርሱ ቢጠሩ እሺ እንደሚሉ ተናግረዋል። የእድሩ ጸሐፊ ከእኛ ጋር መቆሙ የዚያ ዓይነት ነገር ነው።

ግን አካሄድ አለው። መጀመሪያ ሰውየውን ለብቻው፣ ሰው በሌለበት መምከር። ያንን እምቢ ካለ ሽማግሌ መላክ፤ ሱቁን በገዛ እጁ እንዲያነሣ ጊዜ መስጠት። ከዚያ ለወረዳው በጽሑፍ ማመልከት፤ ማመልከቻው የገባበትን ቁጥርና ቀን መያዝ። (ይህን የምለው «ደብዳቤያችሁ አልደረሰም» የምትለው ቃል ስንት ጉዳይ እንደቀበረች ስላየሁ ነው።) በ2004 ዓ.ም. የወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 በሕገወጥ መንገድ የተያዘን የከተማ መሬት በሰባት ቀን የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ለማስለቀቅ ለአስተዳደሩ ሥልጣን ሰጥቶታል፤ ስለዚህ ሥልጣን የለኝም የሚል መልስ ከመጣ ምክንያቱ ሌላ ነው። ሁሉም ካልሆነ ፍርድ ቤት። በሌሊት ሄዶ ግድግዳ መግፋት፣ ሱቅ ማቃጠል፣ የሰውየውን ልጆች መስደብ ግን ሐራም ነው። አንድ ሁለት ወጣቶች ወደዚያ ሲያዘነብሉ አይቻለሁ። በግፍ የተሠራ ግድግዳ ቢሆንም የሚያፈርሰው ፍርድ ነው።

አባቶች ሰውየውን ሁለት ጊዜ አነጋግረውታል። በመጀመሪያው «እናያለን» አለ። በሁለተኛው ስለ ምንጣፉ አነሣ። ከዚያ ወዲህ ለጁሙዓ ወደ ሌላ መስጊድ ይሄዳል፤ ይህ ልቤን ያሳምመኛል፤ ተመልሶ ከአጠገባችን ሶፍ ቢይዝ ደስታዬ ነው።

ክሱ ከመጻፉ በፊት ግን አንድ ሥራ ተሠርቷል። የመስጊዱ ኮሚቴ በአንድ ቅዳሜ ጠዋት ያን የውዱእ ቤት ግድግዳ አፈረሰው። ብሎኬቱን ያነሡት የሰፈሩ ልጆች ናቸው፤ ክርስቲያኖቹም አብረው ነበሩ። ግድግዳው ሁለት ሜትር ወደ ውስጥ ተመልሶ እስኪሠራ ድረስ ምእመናን በባልዲ ውዱእ አደረጉ። በማግስቱ አባቶችና የእድሩ ጸሐፊ ተሰብስበው ማመልከቻው ላይ ፈረሙ። ያ ዝምተኛ ወጣት መጨረሻ ላይ መጣ። ስሙን ጻፈ፤ ከስሙ ጎን «ምስክር» ብሎ ጨመረ፤ የእናቱ ጀናዛ ያለፈበትንም ቀን ጻፈበት።

ወላሁ አዕለም።